ኳንተም ኮምፒዩተርና ክሪፕቶ ገንዘብ፦ በወሬውና በሂሳቡ መካከል

በመምህራን ማረፊያ ክፍል የሚነሣ ወሬ ሁሉ ሂስ ይገባዋል ባይባልም፣ ተማሪ እጁን አውጥቶ የጠየቀው ጥያቄ ግን በአግባቡ ሊመለስ ይገባል። ከጥቂት ጊዜ ወዲህ ደጋግሞ የሚነሣው ጥያቄ ይህ ነው፦ ኳንተም ኮምፒዩተር የተባለው መሣሪያ ቢትኮይንንና መሰል ክሪፕቶ ገንዘቦችን የሚጠብቀውን ቁልፍ ሊሰብር ይችላልን? በዚህ ረገድ ሁለት ወገን ተፈጥሯል። አንደኛው «ያ ገንዘብ አበቃለት» ይላል። ሁለተኛው «የፈሪ ወሬ ነው» ብሎ ያልፈዋል። በበኩሌ ሁለቱም ወገኖች ሂሳቡን ሳይሠሩ መልሱን ብቻ ጽፈዋል የሚል እምነት አለኝ። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ጥያቄው ወደ እኔ የመጣው ከመጽሐፍ አይደለም። በማሠልጠኛ ተቋማችን ሂሳብ ከሚማሩት ዕጩ መምህራን የአንዱ ታላቅ ወንድም ሐርጌሳ ውስጥ አያሃ በሚባለው ሠፈር ይኖራል። አያሃ ተፈናቃዮችና ከስደት ተመላሾች የሰፈሩበት የከተማ ዳርቻ ነው። ሰውዬው ግንበኛ ሲሆን፣ ካጠራቀመው ከፊሉን በቢትኮይን ይዟል። ታዲያ በቴሌግራም የሚሰብኩ ሰዎች «ኳንተም ሊመጣ ነውና ያለህን ሁሉ ኳንተም ወደማይደፍረው አዲስ ሳንቲም ለውጥ» እያሉ ቀን ከሌት ይወተውቱታል። ተማሪው «መምህር፣ ይለውጥ ልበለው ወይስ ይተው?» ሲል ጠየቀኝ። የሦስት ዓመት የድንጋይና የሲሚንቶ ድካም የተንጠለጠለበት ጥያቄ ስለሆነ በአንድ ቃል መመለስ አልቻልኩም፤ አንድ ሳምንት ስጠኝ አልኩት።

በመጀመሪያ ስለ ምን እንደምንነጋገር እንለይ። ሐርጌሳ ገንዘብን በልዩ ልዩ መልኩ ለማየት የምትመች ከተማ ናት። በገበያው ዳር ገንዘብ ለዋጮች የሶማሌላንድ ሽልንግ እንደ ጡብ ከምረው ይቀመጣሉ። ከጎናቸው ደግሞ የሻይ ዋጋ ሳይቀር በስልክ ይከፈላል፤ ይህም ቴሌሶም የተባለው ኩባንያ በ2009 የጀመረው ዛድ ነው። በአገራችንም ከ2021 ወዲህ ቴሌብር ተመሳሳይ አገልግሎት ይሰጣል። ብዙዎች ዛድንና ቢትኮይንን «የስልክ ገንዘብ» በሚል አንድ ስም ይጠሯቸዋል፤ ስሕተቱ የሚጀምረው ከዚህ ነው። ዛድም ሆነ ቴሌብር መዝገቡን የያዘ ኩባንያ አላቸው። የምስጢር ቁጥሩ የጠፋበት ሰው ወደ ቢሮው ሄዶ ማንነቱን አስረድቶ ይስተካከልለታል። በጥር 2009 ሥራ የጀመረው ቢትኮይን ግን ቢሮም፣ ሥራ አስኪያጅም የለውም። መዝገቡ በዓለም ዙሪያ በሺህ የሚቆጠሩ ኮምፒዩተሮች ላይ ተገልብጦ ለሁሉም ክፍት ሆኖ ይቀመጣል፤ «ይህ ገንዘብ የእኔ ነው» ለማለት ያለው ብቸኛ ማስረጃ በሂሳብ የሚሠራ ፊርማ ነው። ስለሆነም ፊርማውን አስመስሎ መፈረም የቻለ ሰው ገንዘቡን ወሰደ ማለት ነው፤ አቤት የሚባልበት የለም።

ይህ ፊርማ በምን ላይ እንደቆመ ለማስረዳት ከፍተኛ ትምህርት አያስፈልግም፤ ጥቁር ሰሌዳና ጠመኔ ይበቃል። በክፍል ውስጥ ያደረግሁት የሚከተለውን ነው። በ3 እንጀምርና እየደጋገምን በ3 እናባዛ፤ ውጤቱ 17 ወይም ከዚያ በላይ በሆነ ጊዜ ግን በ17 አካፍለን ቀሪውን ብቻ እንያዝ። የሚገኙት ቁጥሮች 3፣ 9፣ 10፣ 13፣ 5፣ 15፣ 11፣ 16፣ 14፣ 8፣ 7፣ 4፣ 12፣ 2፣ 6፣ 1 ናቸው። ከዚያ በኋላ እንደገና ከ3 ይጀምራል። «በ13ኛው እርምጃ ላይ ያለው ቁጥር ስንት ነው?» ተብሎ ቢጠየቅ ማንም ሠርቶ 12 ይላል። «12 የሚገኘው በስንተኛው እርምጃ ነው?» ቢባል ግን ቁጥሮቹ ያለ ሥርዓት ስለሚዘሉ አንድ በአንድ ከመቁጠር ሌላ ቀላል መንገድ የለም። ወደፊት መሄድ ቀላል፣ ወደኋላ መመለስ ከባድ የሆነ መንገድ ይህ ነው። እርምጃው የግል ቁልፍ፣ የተገኘው ቁጥር ደግሞ የይፋ ቁልፍ ይባላል። በ17 ፈንታ 78 አሐዝ ያለው ቁጥር፣ በተራ ማባዛት ፈንታ ደግሞ ኤሊፕቲክ ከርቭ በሚባል መስመር ላይ ነጥብን ከነጥብ መደመር ስናስገባ የቢትኮይን ፊርማ ይሆናል። የይፋ ቁልፉን አይቶ ወደ ግል ቁልፉ ለመመለስ ዛሬ ያሉት ኮምፒዩተሮች ሁሉ ተባብረው ቢሠሩ የሰው ልጅ ታሪክ አይበቃቸውም።

እንግዲህ በ1994 በቤል ቤተ ሙከራ ይሠራ የነበረው አሜሪካዊው የሂሳብ ሊቅ ፒተር ሾር የሠራው ሥራ እዚህ ላይ ይገባል። ሾር ያስተዋለው ነገር፣ ከላይ በጻፍናቸው ቁጥሮች ውስጥ አንድ የተደበቀ ሥርዓት መኖሩን ነው፤ ይኸውም ከተወሰነ እርምጃ በኋላ ራሳቸውን ይደግማሉ። ድግግሞሹን ያገኘ ቁልፉን ያገኛል። ይህንንም በሰሌዳ ማሳየት ይቻላል። 15ን ወደ አካፋዮቹ ለመበተን ፈለግን እንበል። በ7 እያባዛን በ15 እያካፈልን ቀሪውን ስንይዝ 7፣ 4፣ 13፣ 1 ይሆናል፤ ከዚያ ይደገማል። ድግግሞሹ 4 ነው። የ4 ግማሽ 2 ስለሆነ በሁለተኛው እርምጃ ያለውን ቁጥር፣ 4ን፣ እንውሰድ። ከእርሱ 1 ብንቀንስ 3፣ 1 ብንጨምር 5፤ 3 በ5 ሲባዛ 15 ነው። አንድ ተማሪዬ ይህን ሲያይ «ይህማ አስማት ነው» አለ። አስማት አይደለም፤ ትንሽ ቁጥር ስለሆነ ድግግሞሹን በዓይናችን አየነው እንጂ፣ ቁጥሩ ትልቅ በሆነ ጊዜ ድግግሞሹን መፈለግ ራሱ እንደ ቁልፉ ፍለጋ ከባድ ይሆንብናል። ኳንተም ኮምፒዩተር የሚያስፈልገው ለዚህች አንዲት ሥራ፣ ድግግሞሹን ለማግኘት ነው።

በየንግግሩ የሚሰማው «ኳንተም ኮምፒዩተር ቁልፎቹን ሁሉ በአንድ ጊዜ ይሞክራል» የሚለው አባባል እንግዲህ ከመሠረቱ የተሳሳተ ነው። መሣሪያው ብዙ ሁኔታዎችን ደርቦ መያዙ እውነት ነው። ነገር ግን ውጤቱን ለማንበብ በሞከርን ጊዜ ከተደረቡት አንዱን ብቻ በዕጣ ይሰጠናል፤ ያ ብቻ ቢሆን ኖሮ ከዕጣ አውጪ ኮሮጆ አይሻልም ነበር። የሾር ብልሃት በኩሬ ላይ እንደሚገናኙ ሞገዶች ነው፦ የተሳሳቱት መልሶች እርስ በርስ ይጠፋፋሉ፣ ከትክክለኛው ድግግሞሽ ጋር የሚስማሙት ግን እየተደማመሩ ይጎላሉ። ስለዚህ መሣሪያው የሚበረታው እንዲህ ያለ የተደበቀ ድግግሞሽ ባለበት ቦታ ነው። ይህን ልዩነት ያልያዘ ጸሐፊ ከዚህ በኋላ የሚለው ሁሉ መንገድ ይስታል።

ለምሳሌ በ2024 መጨረሻ ገደማ «የቻይና ተመራማሪዎች የጦር ሠራዊት ምስጢር የሚጠብቀውን ቁልፍ በኳንተም ሰበሩ» የሚል ዜና በየአገሩ ተናፍሶ ነበር። ዜናው የተነሣው ከሻንጋይ ዩኒቨርሲቲ ሰዎች ጥናት ነው፤ እነርሱ ግን የበተኑት ባለ 22 ቢት ቁጥር ነበር። ባለ 22 ቢት ቁጥር ማለት ከ4,194,304 የሚያንስ ነው። እንዲህ ያለውን ለመበተን ቢበዛ ከ2,048 በታች ባሉት ብቸኛ ቁጥሮች ማካፈል ይበቃል፤ እነርሱም 309 ብቻ ናቸው። የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ የእጅ ሂሳብ ማሽን ይዞ ከሰዓት በኋላ ተቀምጦ ይጨርሰዋል። ተመራማሪዎቹን አልነቅፍም፤ የሠሩትን ጽፈዋል። የምነቅፈው 22ን ከ2,048 ቢት ጋር ሳያስተያይ ርዕስ ያወጣውን ነው። በነገራችን ላይ 15ን በሾር መንገድ በእውነተኛ መሣሪያ የበተኑት የአይ.ቢ.ኤም. ሰዎች ሲሆኑ፣ ይህም የሆነው በ2001 ነበር።

የመሣሪያው አቅም ዛሬ ምን ያህል ነው? መለኪያው ኪዩቢት ይባላል። ጉግል በታኅሣሥ 2024 ያስተዋወቀው ዊሎ የተባለ ቺፕ 105 ኪዩቢቶች አሉት። አይ.ቢ.ኤም. በ2023 ያሳየው ኮንዶር 1,121 ነበሩት። በሌላ በኩል በእንግሊዝ አገር የሰሴክስ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች በ2022 ባወጡት ግምት የቢትኮይንን ፊርማ በአንድ ቀን ውስጥ ለመስበር 13 ሚሊዮን፣ በአንድ ሰዓት ለመስበር 317 ሚሊዮን ኪዩቢት ያስፈልጋል። ይህን ያህል የሚበዛበት ምክንያት ኪዩቢት እጅግ ተሳሳች በመሆኑ ነው፤ አንድ የሚታመን ኪዩቢት ለማግኘት ብዙ መቶ ወይም ሺህ የሚሳሳቱ ኪዩቢቶች እርስ በርስ እንዲተራረሙ ይደረጋል። የዊሎም ዋና ውጤት የ105 ቁጥር ሳይሆን፣ የሚተራረሙት ኪዩቢቶች ሲበዙ ስሕተቱ እየቀነሰ መሄዱን ማሳየቱ ነው። ይህን ያየ ሰው «ነገ ጧት ይሰበራል» ሊል አይችልም።

የ«አበቃለት» ባዮቹን ክርክር የሚያዳክም ሌላም ነገር አለ። ቢትኮይን ከፊርማው ሌላ ሀሽ የሚባል መፍጫ ይጠቀማል። ጤፍ ከተፈጨ በኋላ ዱቄቱን መልሶ ጤፍ ማድረግ እንደማይቻል ሁሉ፣ በሀሽ ያለፈ ጽሑፍ ወደ ቀድሞ መልኩ አይመለስም። እዚህ የተደበቀ ድግግሞሽ ስለሌለ የሾር መንገድ አይሠራም። በ1996 ሎቭ ግሮቨር ያገኘው ሌላ መንገድ ይሠራል፤ የሚሰጠው ግን ስኩዌር ሩት ብቻ ነው። 2 በራሱ 256 ጊዜ ተባዝቶ የሚገኘውን ያህል ሙከራ ይጠይቅ የነበረው ሥራ 2 በራሱ 128 ጊዜ ተባዝቶ ወደሚገኘው ይወርዳል። ይህም ቢሆን የሚደረስበት አይደለም። እንግዲህ በአገራችን ርካሹን የውሃ ኃይል እየገዙ ኮምፒዩተር የሚያስጮሁት የቢትኮይን ማዕድን አውጪዎች ሥራቸው የሀሽ ሥራ ስለሆነ በኳንተም ምክንያት ከገበያ ይወጣሉ የሚለው ወሬ መሠረት የለውም። የኤሌክትሪክ ዋጋ ሊያስወጣቸው ይችላል፤ ያ ግን ሌላ ርዕስ ነው።

እስካሁን ያልኩት ሁለተኛውን ወገን ደስ ሳያሰኘው አይቀርም። ደስታው ግን ረጅም አይደለም። አንደኛ፣ የሚያስፈልገው መሣሪያ ግምት ባለበት አይቆምም። 2,048 ቢት ያለውን አር.ኤስ.ኤ. የተባለ ቁልፍ ለመስበር በ2019 በወጣው ጥናት 20 ሚሊዮን ኪዩቢትና 8 ሰዓት ያስፈልግ ነበር። ከዚያው ጥናት ጸሐፊዎች አንዱ የሆነው የጉግሉ ክሬግ ጊድኒ በግንቦት 2025 ከ1 ሚሊዮን ያነሰ ኪዩቢት ከአንድ ሳምንት ባነሰ ጊዜ እንደሚበቃ አሳየ። ቁጥሩ ሃያ እጥፍ የወረደው መሣሪያው ስላደገ ሳይሆን በወረቀት ላይ ያለው ብልሃት ስለተሻሻለ ነው። የመሣሪያውን እድገት ብቻ እያየ «ገና ሩቅ ነው» የሚል ሰው የመንገዱን ግማሽ ብቻ እየለካ ነው።

ሁለተኛ፣ የአደጋው ድርሻ ለሁሉም እኩል አይደለም። የቢትኮይን አድራሻ አብዛኛውን ጊዜ የይፋ ቁልፉ ራሱ ሳይሆን የቁልፉ ሀሽ ነው፤ ቁልፉ በዱቄቱ ጀርባ ተሸሽጓል። ባለቤቱ ገንዘቡን ባወጣ ጊዜ ግን የይፋ ቁልፉ በመዝገቡ ላይ ይጻፋል፣ መዝገቡም ለዘላለም ክፍት ነው። ስለዚህ ከአንድ አድራሻ ከፊሉን አውጥቶ ቀሪውን እዚያው የተወ ሰው በሩን ገርበብ አድርጎ እንደሄደ ይቆጠራል። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የተገኙት ሳንቲሞች ብዙዎቹ ደግሞ ቁልፋቸው ያለ ሀሽ በቀጥታ ተጽፏል። በ2021 ታፕሩት በሚል ስም የገባው አዲስ አድራሻም ቁልፉን በቀጥታ ያሳያል። ዴሎይት የተባለው ድርጅት ባደረገው ጥናት በዚህ ዓይነት የተጋለጠው ወደ 4 ሚሊዮን ቢትኮይን፣ ማለትም በወቅቱ ከነበረው አንድ አራተኛ ያህሉ ነው። ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

ሦስተኛና ዋናው፣ «ጊዜው ሲደርስ መቆለፊያውን ይለውጡታል» የሚለው መልስ ማን ይለውጠዋል የሚለውን ጥያቄ ይዘላል። አዲስ መቆለፊያ አለ። የአሜሪካ የደረጃዎች ተቋም ነሐሴ 13 ቀን 2024 ኳንተምን ይቋቋማሉ የተባሉ ሦስት ደረጃዎችን አጽድቋል፤ ከእነዚህ ሁለቱ ለፊርማ የሚያገለግሉ ናቸው። ባንክ ወይም እንደ ዛድ ያለ ኩባንያ ሲያስፈልገው ለሠራተኞቹ ትእዛዝ ሰጥቶ ይቀይራል፤ ደንበኛው ላያውቀውም ይችላል። በቢትኮይን ግን ትእዛዝ ሰጪ ስለሌለ ሁሉም መስማማት አለበት፤ ስምምነቱ ቢገኝ እንኳ እያንዳንዱ ባለቤት ገንዘቡን በገዛ እጁ ወደ አዲሱ አድራሻ ማዛወር ይኖርበታል። የሞተውስ? ቁልፉ የጠፋበትስ? የእነዚህ ሰዎች ሳንቲም ለዘራፊ ይተው ወይስ በስምምነት ይታገድ? «ማንም አይነካውም» ተብሎ በተመሠረተ ገንዘብ ላይ ሁለቱም መልሶች ያሳፍራሉ፤ ክርክሩም አልተቋጨም። በዚህ ላይ የአሁኑ ፊርማ 64 ባይት ያህል ሲሆን ከአዲሶቹ የታወቀው በትንሹ መጠኑ 2,420 ባይት ይወስዳል። መዝገቡ በየአሥር ደቂቃው አንድ ገጽ ብቻ የሚጨምር ስለሆነ፣ ፊርማው ይህን ያህል ሲወፍር በገጹ የሚገባው ክፍያ ቁጥር ይቀንሳል። የእኔ ፍርድ ስለዚህ እንዲህ ነው፦ ፊዚክሱ ገና ነው፣ አስተዳደሩ ግን ዘግይቷል።

ጉዳዩ ለእኛ ለመምህራን ከግንበኛው ገንዘብም አልፎ ይቀርባል። በሚያዝያ 2021 የኢትዮጵያ ትምህርት ሚኒስቴርና ካርዳኖ የተባለውን የክሪፕቶ መዝገብ የሠራው አይ.ኦ.ኤች.ኬ. በ3,500 ትምህርት ቤቶች የሚገኙ የ5 ሚሊዮን ተማሪዎችንና የ750,000 መምህራንን መረጃ በዚህ ዓይነት መዝገብ ለመያዝ መስማማታቸው ተገልጾ ነበር። ዓላማው የትምህርት ማስረጃ እንዳይጭበረበር ነው፤ ሐሰተኛ ዲፕሎማ ምን ያህል እንዳስቸገረን የምናውቅ ሰዎች ዓላማውን አንጠላም። ነገር ግን የካርዳኖም ፊርማ ከዚሁ ከኤሊፕቲክ ከርቭ ቤተሰብ ነው። ሳንቲም ዛሬ ተሸጦ ነገ ሊረሳ ይችላል፤ ትራንስክሪፕት ግን ባለቤቱ ጡረታ እስኪወጣ 40 ዓመት መታመን ይኖርበታል። ፊርማው ከ20 ዓመት በኋላ የሚመሰል ቢሆን፣ አስመሳዩ በተቋሙ ስም አዲስ ማስረጃ መፈረም ይችላል። እዚህም ላይ ግን ማጋነን አይገባም። የማስረጃው ሀሽ በጊዜው በመዝገቡ ላይ ሰፍሮ ከሆነና የመዝገቡ ቅደም ተከተል ሳይፋለስ ከቆየ፣ የ2030 ማስረጃ በእርግጥ በ2030 እንደነበረ ማሳየት ይቻላል፤ ሀሹ ጤፍ ሆኖ አይመለስማ። ስለዚህ እንዲህ ያለ ሥራ የሚቀርብለት የትምህርት ባለሥልጣን ሊጠይቅ የሚገባው «ኳንተም ይሰብረዋል ወይ?» ብሎ ሳይሆን «ፊርማውን መቀየር ቢያስፈልግ የቀድሞዎቹን ማስረጃዎች ማን፣ በምን ሥርዓት እንደገና ያጸድቃቸዋል?» ብሎ ነው። ይህ ጥያቄ በውሉ ላይ መልስ ሊኖረው ይገባል እላለሁ።

በመጨረሻ ወደ አያሃው ግንበኛ ልመለስ። ከሳምንቱ በኋላ ተማሪውን ጠርቼ በክሪፕቶ ዓለም ስለደረሱት ትላልቅ ኪሳራዎች ነገርኩት። በ2014 ማውንት ጎክስ የተባለው የጃፓን ልውውጥ ቤት ሲወድቅ ወደ 850,000 ቢትኮይን ጠፋ ተብሎ ነበር፤ በ2022 ኤፍ.ቲ.ኤክስ. ተንኮታኮተ፤ በየካቲት 2025 ከባይቢት ወደ 1.5 ቢሊዮን ዶላር የሚያወጣ ገንዘብ ተሰረቀ። ከእነዚህ በአንዱም ቁልፉ በሂሳብ አልተሰበረም። ቁልፉን የያዙት ሰዎች ተታለሉ ወይም አታለሉ። «ኳንተም የማይደፍረው» የተባለውን አዲስ ሳንቲም የሚያዛውሩትም ሰዎች የጠየቁት ወንድምህ የምስጢር ቃላቱን እንዲልክላቸው ነው ወይ ስል ጠየቅሁት። «አዎን፣ አሥራ ሁለቱን ቃላት ላክ ብለውታል» አለ። እንዳይልክ ንገረው አልኩት። ቀጥዬም ሳንቲሞቹ ያሉበት አድራሻ ከዚህ በፊት ገንዘብ ወጥቶበት እንደሆነ፣ ከሆነም ቀሪውን ወደ አዲስ አድራሻ እንዲያዛውር ጻፍኩለት።

ከአሥር ቀን በኋላ መልሱ መጣ። የሚላከው አሥራ ሁለት ቃል በመጀመሪያም አልነበረውም። ቢትኮይኑን የገዛው በአንድ ልውውጥ ኩባንያ መተግበሪያ ሲሆን ሳንቲሙም እዚያው በኩባንያው እጅ ነው፤ የእርሱ የሆነው መግቢያ ስሙና የምስጢር ቁጥሩ ብቻ ነው። ወንድሙ ደብዳቤውን እያሳየኝ «ታዲያ መምህር፣ ቁልፉ የማነው?» አለኝ። የሚቀጥለውን የሰኞ ክፍለ ጊዜ በዚህ ጥያቄ ጀመርን።